ኒኮላስ ክሪስቶፊሎስ እና የፕሮቶን ጨረር ማሰባሰቢያ መርሕ

ኒኮላስ ክሪስቶፊሎስ እ.ኤ.አ. በ1916 በቦስተን ከተማ ከግሪካውያን ወላጆች ተወለደ። ገና ልጅ ሳለ ቤተሰቡ ወደ ግሪክ ተመለሰ፤ እርሱም በአቴንስ በምህንድስና ተመርቆ በአሳንሰር ሥራ ተሰማራ። የቅንጣት ፊዚክስን የተማረው በግል ንባብ ነበር።

በዘመኑ ሲንክሮትሮኖች ውስጥ ማግኔቶቹ ፕሮቶኖችን ወደ ምሕዋራቸው የሚመልሱት በደካማ ኃይል ስለነበር ጨረሩ ይሰፋል፤ ስለዚህም ማግኔቱ እጅግ ግዙፍ መሆን ነበረበት። እ.ኤ.አ. በ1957 በዱብና ሥራ የጀመረው የ10 ጊጋ ኤሌክትሮንቮልት አፋጣኝ ማግኔት 36,000 ቶን ይመዝን ነበር። የክሪስቶፊሎስ መፍትሔ የማግኔት መስኩን ዝንባሌ ማፈራረቅ ነው። አንዱ ክፍል ጨረሩን በአግድም ሲሰበስብ በቁም ይበትነዋል፤ ቀጣዩ ተቃራኒውን ያደርጋል። የድምሩ ውጤት ግን በሁለቱም አቅጣጫ መሰብሰብ ይሆናል።

ይህን ሐሳብ እ.ኤ.አ. በ1950 ለፈጠራ መብት አመለከተበት፤ ጽሑፉንም ወደ በርክሌይ ላከ፤ ሰሚ ግን አላገኘም። እ.ኤ.አ. በ1952 ኩራንት፣ ሊቪንግስተንና ስናይደር በብሩክሄቨን ቤተ ሙከራ መርሑን በራሳቸው መንገድ ደርሰውበት አሳተሙ። ክሪስቶፊሎስ በተከታዩ ዓመት ወደ አሜሪካ ሄዶ ማስረጃውን ሲያቀርብ፣ ተመራማሪዎቹ ቀዳሚነቱን በጽሑፍ አረጋገጡለት፤ ቤተ ሙከራውም ቀጠረው።

እ.ኤ.አ. በ1960 በብሩክሄቨን የተጠናቀቀው ሲንክሮትሮን 33 ጊጋ ኤሌክትሮንቮልት ሲደርስ፣ ማግኔቱ 4,000 ቶን ያህል ብቻ ነበር። ክሪስቶፊሎስ ቀሪ ዘመኑን በሊቨርሞር አስትሮን በተባለው የኑክሌር ውሕደት ምርምር አሳልፎ፣ እ.ኤ.አ. በ1972 በ55 ዓመቱ ዐረፈ። የአሳንሰር መሐንዲሱ መርሕ ዛሬም የታላላቅ አፋጣኞች መሠረት ነው።