ከአፈ ወርቅ ወደ አፈ ቄሳር
የነጋድራስ አፈወርቅ ገብረ ኢየሱስ ሕይወት



በእንዲህ ያለ ገጽ ላይ አብዛኛውን ጊዜ የምናነሳው ልጆቻችን ቢመስሉት ደስ የሚለንን ሰው ነው። የዘንድሮው ግን ለየት ይላል። ብዙ የሚያስደንቅ ሥራ ሠርተዋል፤ የሚያሳዝን ሥራም ሠርተዋል። ነጋዴ ነበሩ፣ የጉምሩክ ሹም ነበሩ፣ በአማርኛ የመጀመሪያውን ልብ ወለድ የጻፉ ደራሲ ነበሩ፣ በኋላም የኢትዮጵያ መልእክተኛ ሆነው ሮም ተቀምጠዋል። እኚህ ሰው ነጋድራስ አፈወርቅ ገብረ ኢየሱስ ናቸው። መልካሙን ብቻ አውጥተን ብንነግራችሁ ታሪኩ ግማሽ ይሆናልና ሁሉንም እንደነበረ እንንገራችሁ። ዓመታቱ የተጻፉት እዚህ አገር በለመድነው በፈረንጅ አቆጣጠር ነው።

ከዘጌ እስከ ቶሪኖ

አፈወርቅ የተወለዱት በ1868 ዘጌ ነው። ዘጌን ከወላጆቻችን ብዙዎቹ በዝና ያውቋታል። ጣና ሐይቅ ውስጥ ገባ ያለች፣ በቡና ደንና በገዳማት የታወቀች፣ ከባሕር ዳር በውሃ የሚሻገሩባት ምድር ናት። ከእቴጌ ጣይቱ ወገን ጋር ዝምድና እንደነበራቸው ይነገራል። በዚያ ላይ የሥዕል ተሰጥዎ ነበራቸው።

በ1887 ምኒልክ፣ ገና የሸዋ ንጉሥ ሳሉ፣ አፈወርቅን ለትምህርት ወደ ጣሊያን ላኳቸው። ያኔ ጣሊያንና ሸዋ ወዳጆች ነበሩ። የሃያ ዓመት ልጅ ያልሞላቸው የዘጌ ወጣት ቶሪኖ ከተማ ገብተው ሥዕል ተማሩ፤ ቋንቋውንም አቀላጥፈው ያዙ። እስቲ አስቡት፤ በዚያን ዘመን አንድ ልጅ ባሕር ተሻግሮ እንዲማር መላክ ትልቅ ነገር ነው። ንጉሡ ወጪውን የቻሉት ልጁ ተምሮ አገሩን ይጠቅማል ብለው ነበር።

በ1894 ደግሞ ለሁለተኛ ጊዜ ወደ አውሮፓ ሄዱ። በዚህኛው ጉዞ ከሁለት ወጣቶች ጋር ነበሩ፤ አንዱ የራስ ዳርጌ ልጅ ጉግሣ፣ ሌላው ቅጣው ዘአማኑኤል ይባላል። ሦስቱም ስዊዘርላንድ፣ ነሻቴል በምትባል ከተማ ገቡ። እነሱ እዚያ እያሉ የኢትዮጵያና የጣሊያን ወዳጅነት ፈረሰና ጦርነት መጣ። አፈወርቅ ያን ጊዜ ሁለቱን ወጣቶች ይዘው ትምህርቱን ጥለው ወደ ጣሊያን ተሻገሩ። ጣሊያኖች የንጉሥ ዘር የሆነውን ጉግሣን ለፖለቲካቸው ሊጠቀሙበት ፈልገው ነበር።

መጋቢት 1 ቀን 1896 ኢትዮጵያ አድዋ ላይ ድል አደረገች። አገር ሲደሰት የላከቻቸው ልጆች በተሸነፈው ሰው ቤት እንግዳ ሆነው ተገኙ። አፈወርቅ ከዚያ በኋላ ብዙ ዓመት አገራቸው ሊገቡ አልቻሉም። ስማቸው በከሃዲነት ይነሳ ነበር።

ብዕር የታረቀው ሰው

ነገር ግን ሰውየው እጃቸውን አጣጥፈው አልተቀመጡም። ከ1902 ጀምሮ ለአሥር ዓመት ያህል ናፖሊ በሚገኘው የምሥራቅ ቋንቋዎች ትምህርት ቤት አማርኛ አስተማሩ። በ1905 የአማርኛ ሰዋስው በጣሊያንኛ አሳተሙ። በ1908 በፈረንሳይኛና በአማርኛ ለመንገደኞች የሚሆን መጽሐፍ አወጡ፤ እዚያ ውስጥ የወታደሩን ዝርፊያና የሹማምንቱን ጥፋት ያለ ርኅራኄ ነቅፈዋል። አገራቸው እንድትሠለጥን ይፈልጉ ነበር፤ ይህ እውነት ነው።

በዚያው በ1908 ሮም ላይ «ልብ ወለድ ታሪክ» የተባለውን መጽሐፍ አሳተሙ። በኋላ «ጦቢያ» በሚል ስም የታወቀው ማለት ነው። ከዚያ በፊት በአማርኛ ልብ ወለድ የጻፈ አልነበረም። ዛሬ እንዲህ ያለ መጽሐፍ ስናይ ልብ ወለድ ነው እንላለን፤ ቃሉ እሳቸው ለመጽሐፋቸው የሰጡት ስም ነው።

ታሪኩ መንታ ልጆች ስለነበሩት አንድ የጦር አለቃ ነው። አለቃው ተማርኮ ሲቸገር አንድ የማያውቀው ነጋዴ ገንዘብ ሰጥቶ ይታደገዋል። ወንዱ ልጅ ዋህድ ይህን ባለውለታ ፈልጎ ሊያመሰግን፣ ብድሩንም ሊመልስ አገር ላገር ይንከራተታል፤ ብዙ መከራም ያገኘዋል። እህቱ ጦቢያ ወንድ መስላ ወንድሟን ፍለጋ ትወጣለች። መጽሐፉ ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ስለ ውለታ ነው ማለት ይቻላል። ይህን ያስታውሱት፤ ወደ ኋላ እንመለስበታለን።

በ1909 ደግሞ የዳግማዊ ምኒልክን ታሪክ ጽፈው አሳተሙ። ንጉሡን በጣም የሚያወድስ መጽሐፍ ነው። በባዕድ አገር ተቀምጦ እንዲህ መጻፍ የእርቅ ደብዳቤም ይመስላል።

ነጋድራስ

ናፖሊን ከለቀቁ በኋላ ያኔ በጣሊያን ሥር ወደነበረችው ኤርትራ ሄደው ንግድ ጀመሩ። ከዚያ ወደ ኢትዮጵያ ተመለሱ። ጊዜው ተለውጦ ነበር። ምኒልክ አርፈዋል፤ አልጋ ወራሹ ራስ ተፈሪ የውጭ ቋንቋ የሚያውቅ፣ ዓለም ያየ ሰው ይፈልጉ ነበር። የአሮጌው ጥፋት ተተወና አፈወርቅ ሹመት አገኙ፤ የድሬዳዋ ነጋድራስ ሆኑ።

ነጋድራስ ማለት ምንድን ነው? ቃሉ ራሱ የነጋዴዎች ራስ ማለት ነው። በድሮ ጊዜ የሲራራ ነጋዴዎች መሪ ነበር፤ አህያና በቅሎ ጭኖ በየኬላው የሚያልፈውን ጓዝ የሚመራ፣ ቀረጡን ከሹሞች ጋር የሚከራከር። በኋላ የመንግሥት ሹመት ሆነና ነጋድራሱ ጉምሩኩን፣ እዚህ በዕብራይስጥ መኽስ የምንለውን፣ የሚያስተዳድር፣ የነጋዴውን ክርክርም የሚዳኝ ሰው ሆነ። ዛሬ ቢሆን የአንድ ትልቅ ድርጅት መንካል እንደማለት ነው።

ድሬዳዋ ደግሞ ተራ ቦታ አልነበረችም። ከጅቡቲ የተነሳው የባቡር ሐዲድ እዚያ የደረሰው በ1902 ነው፤ አዲስ አበባ የገባው በ1917 ነው። ቡናና ቆዳ በዚያ ይወጣል፣ ጨርቅና ብረታ ብረት በዚያ ይገባል። ግሪኩ፣ አርመኑ፣ የመኑ፣ ሕንዱ፣ ፈረንሳዩ ሁሉ ሱቁን ከፍቶ ተቀምጧል። እዚያ ጉምሩክ ላይ የተቀመጠ ሰው ቋንቋ ካላወቀ፣ ሂሳብ ካልቻለ፣ ፈረንጁን አፍንጫው ሥር ቁጭ ብሎ ካልተከራከረ መንግሥቱ ገንዘብ አያገኝም። አፈወርቅ ለዚህ ሥራ የተፈጠሩ ይመስሉ ነበር። ከዚያ በኋላ በኢትዮጵያውያንና በውጭ ዜጎች መካከል የሚነሳውን ክርክር በሚዳኘው ልዩ ፍርድ ቤት ተሾሙ።

ሮም ላይ የተቀመጡ መልእክተኛ

በ1930ዎቹ መጀመሪያ ንጉሠ ነገሥቱ አፈወርቅን ጉዳይ ፈጻሚ አድርገው ሮም ላኳቸው። በደረጃ ከአምባሳደር ዝቅ ይላል፤ ሥራው ግን ሻግሪር የምንለው ሰው ሥራ ነው። በዚያን ጊዜ ኢትዮጵያ በውጭ አገር የነበሯት ወኪሎች ጥቂት ነበሩ። ከሁሉም የሚከብደው ቦታ ደግሞ ሮም ነበር፤ ሙሶሊኒ የአድዋን ቂም ሊወጣ ይዘጋጅ ነበርና።

ወደዚያ ለመላክ ከእሳቸው የተሻለ ሰው ነበረ ወይ? ጣሊያንኛ እንደ እናት ቋንቋቸው ይናገራሉ። ሚስታቸው ጣሊያናዊት ነች። አገሩን፣ ባህሉን፣ ሰዉን ያውቃሉ። ችግሩም ያው ነው። ሰውየው የተላኩበትን ቤት ከላካቸው ቤት አብልጠው የሚያደንቁ ሆነው ነበር።

በታኅሣሥ 1934 ወልወል ላይ ግጭት ተነሳ። ጥቅምት 3 ቀን 1935 የጣሊያን ጦር መረብን ተሻገረ። የመልእክተኛነቱ ሥራ አበቃ። አፈወርቅ አገራቸው ሲገቡ የስልሳ ሰባት ዓመት ሽማግሌ ነበሩ። ግንቦት 5 ቀን 1936 ጣሊያኖች አዲስ አበባ ሲገቡ ከብዙ አርበኞች ጋር አልወጡም፤ ከንጉሡ ጋርም አልተሰደዱም። ከገባው ጋር አደሩ።

የካቲት 12 የሚባለውን ቀን ወላጆቻችን ያውቁታል። በ1937 ግራዚያኒ ላይ ቦምብ ከተጣለ በኋላ አዲስ አበባ ውስጥ ስንቱ ሰው ተጨፈጨፈ፤ የተማረ የተባለው ወጣት ሁሉ እየታደነ ተገደለ። አፈወርቅም ራሳቸው ከሌሎች ታላላቅ ሰዎች ጋር ወደ ጣሊያን ተጋዙ። ያን ሁሉ ያገለገሏቸው ሰዎች አላመኗቸውም ማለት ነው። እሳቸው ግን ታማኝነታቸውን አስረድተው ተመለሱ፤ ሹመትም ተሰጣቸው። የሹመቱ ስም አፈ ቄሳር ይባላል።

በአገራችን አፈ ንጉሥ የሚባል የዳኞች አለቃ ነበር፤ በንጉሡ ስም የሚናገር፣ የንጉሡ አፍ ማለት ነው። ጣሊያኖች ይህን አይተው ለራሳቸው ቄሳር አፍ አበጁ። እናትና አባት አፈ ወርቅ፣ የወርቅ አፍ ብለው የሰየሟቸው ሰው በስተርጅና የቄሳር አፍ ተባሉ። በ1941 ኢትዮጵያ ነፃ ስትወጣ ተይዘው ወደ ጅማ ተጋዙ። ዓይናቸው ጠፍቶ፣ በግዞት እንዳሉ በመስከረም 1947 አረፉ።

በዚያው ዘመን የነበሩ ሌሎች

አንዳንድ ሰው ጊዜው ነው፣ ምን ያድርጉ ይላል። እስቲ በዚያው ጊዜ የነበሩ ሁለት ሰዎችን እንይ።

አፈወርቅ በተወለዱበት በ1868 ዓመት እንግሊዞች መቅደላን ሲይዙ አንድ የጎንደር ሕፃን ከወላጆቹ ተለይቶ ተገኘ። የእንግሊዝ መኮንን ወደ ሕንድ ወሰደው። እዚያ አድጎ ሐኪም ሆነ፤ እንግሊዝኛ አፉን የፈታበት ያህል ሆነ። ሐኪም ወርቅነህ እሸቴ ናቸው። በ1935 ለንደን የኢትዮጵያ መልእክተኛ ነበሩ። ያሳደጋቸውን አገር ቋንቋ ይዘው ለወለዳቸው አገር ተሟገቱ። በ1937 ሁለት ወንዶች ልጆቻቸውን ጣሊያኖች ገደሉባቸው።

ሁለተኛው የራሳችን ሰው ናቸው፤ ከቤተ እስራኤል የወጡት ታምራት አማኑኤል። ዶክተር ፋይትሎቪች በልጅነታቸው ወደ አውሮፓ ወስደዋቸው ፓሪስ፣ ከዚያም እዚያው ጣሊያን፣ ፊሬንዜ ተማሩ። በኋላ አዲስ አበባ የአይሁድ ትምህርት ቤቱን መሩ። ጣሊያንኛውን እንደ አፈወርቅ ያውቁት ነበር። ጣሊያን አገሩን ሲይዝ ግን አልገቡም፤ ተሰደዱ። ከነፃነት በኋላ ፓሪስ በኢትዮጵያ ኤምባሲ ውስጥ ሠሩ፤ በመጨረሻም ኢየሩሳሌም ገብተው በ1963 እዚሁ አረፉ።

ሦስቱም በልጅነታቸው ወይም በወጣትነታቸው ከአገር ወጥተዋል፣ ሦስቱም የሰው ቋንቋ ተምረዋል፣ ሦስቱም መልእክተኛ ሆነው አገልግለዋል። የለያቸው አፋቸውን ለማን እንዳዋሉት ነው።

ለእኛስ?

ይህ ታሪክ የሩቅ ይመስላል። ግን እዚህ ሐዴራ፣ ጊቭዓት ኦልጋም ይሁን ቤት ኤሊዔዘር፣ በየቤቱ አንድ መልእክተኛ አለ። አያቱን ይዞ ሂሌል ያፌ ሆስፒታል የሚሄድ ልጅ፣ ከዒሪያ የመጣውን ደብዳቤ ለአባቷ የምታነብ ልጅ፣ በወላጆች ስብሰባ ላይ አስተማሪዋ ያለችውን ለእናቱ የሚያስረዳ ልጅ። እናት ዕብራይስጡን አታውቅም፤ ልጇ ያላትን ታምናለች። አስተማሪዋም አማርኛ አታውቅም፤ ልጁ ያላትን ታምናለች። ሁለቱ ወገን በአንድ ልጅ አፍ ይነጋገራሉ።

ይህ ከባድ ሥልጣን ነው። የአባቱ አማርኛ የሚያሳፍረው፣ ዶክተሩ ፊት አያቱ የተናገሩትን አሳጥሮ ግማሹን የሚተው ልጅ የላከውን ሰው ትቷል ማለት ነው። አያቱ በሽታቸውን በሦስት ቃል ሳይሆን በሦስት ታሪክ ይናገሩ ይሆናል፤ መልእክተኛው ግን ታሪኩን አድማጩ በሚገባው መንገድ ማድረስ አለበት። በተቃራኒው ዕብራይስጡን አሳምሮ፣ አማርኛውንም ጠብቆ፣ የተባለውን ሳይጨምር ሳይቀንስ የሚያደርስ ልጅ ትልቅ ሥራ ሠርቷል።

ወላጆችም ድርሻ አለን። ልጅ ሁልጊዜ ተርጓሚ ሲሆን ይደክማል፤ ልጅ መስማት የሌለበትንም ይሰማል። ለከባድ ጉዳይ ትልቅ ሰው አስተርጓሚ መጠየቅ ነውር የለበትም። ልጁ ሲያስተረጉምም ማመስገን ይገባናል፤ ውለታ ነውና።

ነጋድራስ አፈወርቅ የአማርኛን ልብ ወለድ ሰጥተውናል፤ ይህን የሚነጥቃቸው የለም፤ «ጦቢያ»ን ማንበብ የምትችሉ አንብቡት፣ የማትችሉ ወላጆቻችሁ ያንብቡላችሁ። በመጽሐፉ ውስጥ ዋህድ የአንድ ነጋዴን ውለታ ለመመለስ አገር ለአገር ተንከራቷል። ደራሲው ግን ያስተማራቸው፣ የላካቸውና ይቅር ያላቸው አገር በተቸገረ ጊዜ ብድሩን ሳይመልሱ ቀሩ። መጽሐፉን ስታነቡ ዋህድን ያዙ።