ዦርዥ ሜሊዬስ፦ የመስታወቱ ቤት ባለሙያ

ከሲኒማ ጥበብ መሥራቾች አንዱ የሆነው ፈረንሳዊው ዦርዥ ሜሊዬስ በአብዛኛው የሚታወሰው በምትሀታዊ ፊልሞቹ ነው። ይሁን እንጂ ሰውየው ተዋናይ ብቻ አልነበረም፤ የመድረኩን ሥዕል የሚነድፍ፣ መሣሪያውን የሚቀምር፣ ሥራውንም የሚመራ ባለሙያ ነበር። ስለዚህ የሕይወቱ ታሪክ ከሲኒማ ውጭ ላለን ባለሙያዎችም የሚነግረን ነገር አለው። በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።

ሜሊዬስ በዲሴምበር 8 ቀን 1861 በፓሪስ ከተማ ተወለደ። አባቱ የጫማ ፋብሪካ ባለቤት ነበር። ልጁ ሥዕል መማር ቢመኝም የአባቱ ፈቃድ ስላልሆነ ወደ ፋብሪካው ገብቶ የመኪናዎችን አሠራር ለመደ። ለሥራ ወደ ለንደን በሄደበት ጊዜ ግን የምትሀት ትርኢት የሚታይበትን ኢጂፕሺያን ሆል አዘወተረ፤ ልቡም በዚያው ቀረ። በ1888 የፋብሪካ ድርሻውን ለወንድሞቹ ሸጦ በፓሪስ የሚገኘውን የሮቤር ኡደን ቴአትር ገዛ።

በዲሴምበር 28 ቀን 1895 የሉሚየር ወንድማማቾች ሲኒማቸውን በፓሪስ ሲያሳዩ ሜሊዬስ ከተመልካቾቹ አንዱ ነበር። መሣሪያውን ለመግዛት ጠየቀ፤ የወንድማማቾቹ አባት አንትዋን ሉሚየር ግን አልሸጥም አለው። ሜሊዬስም በ1896 ከለንደኑ የመሣሪያ ሠሪ ከሮበርት ፖል የፊልም ማሳያ ገዝቶ አሠራሩን መረመረና ፊልም ማንሻ አድርጎ ለወጠው። በዚያው ዓመት ፊልም ማንሣት ጀመረ።

በ1897 በፓሪስ አጠገብ በምትገኘው በሞንትሬይ ጣራውና ግድግዳው መስታወት የሆነ ስቱዲዮ አሠራ። ምክንያቱም የዘመኑ ፊልም ብዙ ብርሃን ይፈልግ ስለነበረ ነው። መድረኩ እንደ ቴአትር ቤት መድረክ ከወለሉ የሚከፈቱ በሮችና መዘውሮች ነበሩት። ፊልሙ ቀይ ብርሃን የማይቀበል በመሆኑ ቀይ ቀለም ጥቁር ሆኖ ይወጣ ነበር። ከዚህ የተነሣ ሜሊዬስ የመድረኩን ሥዕል በነጭ፣ በጥቁርና በልዩ ልዩ የግራጫ ደረጃዎች ብቻ ይቀባ ነበር። ውበቱ ከመሣሪያው ጠባይ ጋር ተስማምቶ የተሠራ ነበር ማለት ነው።

ብልሃቱን ለመረዳት በ1901 የሠራውን፣ የጎማ ራስ ስላለው ሰው የሚያሳየውን ፊልም መመልከት ይበቃል። አንድ ኬሚስት በጠረጴዛ ላይ ያስቀመጠውን ራስ በወናፍ ይነፋዋል፤ ራሱም እንደ ፊኛ ያብጣል። ኬሚስቱም ራሱም ሜሊዬስ ነው። ካሜራው ከቦታው አልተነቃነቀም፤ ሜሊዬስ ግን በጥቁር ጨርቅ ፊት በጋሪ ላይ ተቀምጦ በሐዲድ ወደ ካሜራው ይሳብ ነበር። ሐዲዱም ተዳፋት ስለነበረ የአንገቱ ሥር ከጠረጴዛው ሳይለቅ ራሱ ብቻ የሚያድግ ይመስላል። ከዚያም ያው ፊልም ተጠቅልሎ ሁለተኛ ጊዜ ይነሣበታል። በ1900 ለሠራው የአንድ ሰው ኦርኬስትራ ደግሞ አንዱ ፊልም ሰባት ጊዜ ተነሥቶበታል። በሰባተኛው ጊዜ የሚፈጸም ስሕተት የስድስቱን ድካም ከንቱ ያደርገዋል።

በ1902 የሠራው የጨረቃ ጉዞ ስሙን በዓለም አስጠራ። መድረኩን ነድፎ፣ የጉዞውንም መሪ ፕሮፌሰር ሆኖ ተጫወተ። ነገር ግን በአሜሪካ ብዙዎች ሳይከፍሉ ቀድተው ሸጡት። በ1903 ወንድሙ ጋስቶን ወደ ኒውዮርክ ሄዶ ቢሮ የከፈተው ይህን ለመከላከል ነበር።

ሜሊዬስ የሙያ ማኅበር ሰውም ነበር። የፈረንሳይ ፊልም አሳታሚዎች ማኅበር የመጀመሪያ ሊቀ መንበር ሆኗል፤ በፌብሩዋሪ 1909 በፓሪስ የተደረገውን ዓለም አቀፍ የፊልም ሠሪዎች ጉባኤም በሊቀ መንበርነት መርቷል። በዚያ ጉባኤ የ35 ሚሊሜትር ፊልም ቀዳዳዎች አንድ ወጥ ልክ እንዲኖራቸው ተስማሙ። ይሁን እንጂ በዚያው ዘመን ፊልም መሸጥ ቀርቶ ማከራየት እየተለመደ መጣ። ለሜሊዬስ ግን ዋና ደንበኞቹ ፊልም ገዝተው በየገበያው እየዞሩ የሚያሳዩ ሰዎች ነበሩ። እርሱ የአውደ ጥናት ሰው ሳለ ዘመኑ የፋብሪካ ሆነ። ንብረቱን አስይዞ ከፓቴ ኩባንያ ገንዘብ ቢወስድም ፊልሞቹ አልተሳኩም፤ ከ1913 በኋላም ፊልም አልሠራም።

በ1923 ቴአትር ቤቱ ለመንገድ ሥራ ፈረሰ፤ የሞንትሬይ ይዞታውም ከእጁ ወጣ። ኔጋቲቮቹን የሚያስቀምጥበት ቦታ አልነበረውም። በምሬትም በገዛ እጁ አቃጠላቸው። ከሠራቸው ከ500 በላይ ፊልሞች ዛሬ የሚታወቁት ከ200 ጥቂት የሚበልጡ ናቸው። በ1925 በፊልሞቹ ትጫወት የነበረችውን ዣን ዳልሲን አግብቶ በሞንፓርናስ ባቡር ጣቢያ በሚገኝ ሱቅ አሻንጉሊትና ከረሜላ ይሸጥ ጀመር።

በኋላ ጋዜጠኞች አገኙት። በዲሴምበር 16 ቀን 1929 በፓሪስ ለክብሩ ታላቅ ትርኢት ተዘጋጀ፤ በ1931 የሌዥዮን ዶኔር ኒሻን ተሸለመ። በ1932 ደግሞ የሲኒማ ባለሙያዎች የመረዳጃ ማኅበር በኦርሊ ባለው የጡረተኞች ቤት መኖሪያ ሰጠው። በጃንዋሪ 21 ቀን 1938 ዐረፈ።

የሙያ ማኅበሩ ሰውየውን ከችግር አድኗል፤ ይህም የሚመሰገን ነው። ሥራውን ለማዳን ግን ዘጠኝ ዓመት ዘግይቶ ነበር። የቀሩት ፊልሞች የተገኙት ሌሎች በየአገሩ ካስቀመጧቸው ቅጂዎች ነው። በእጅ ቀለም የተቀባው የጨረቃ ጉዞ ቅጂ በ1993 በባርሴሎና ተገኝቶ፣ ታድሶ፣ በ2011 በካን የፊልም በዓል ታይቷል። ይህ ግን የአጋጣሚ ዕድል እንጂ የታሰበበት ጥበቃ ውጤት አልነበረም።

እኛም ዕድሜ ልካችንን ንድፍ እንነድፋለን፣ ስሌት እንሠራለን፤ ጽሕፈት ቤት ሲዘጋ፣ ባለሙያ ጡረታ ሲወጣ ወረቀቱ የት እንደሚሄድ ግን እምብዛም አንጠይቅም። ማኅበር ለአባላቱ የችግር ጊዜ ገንዘብ እንደሚያጠራቅም ሁሉ ለሥራቸውም ማስቀመጫ ክፍል ሊያዘጋጅ ይገባዋል። ሜሊዬስ ያጣው ይህንኑ ነበርና።