ብሩስ ሊ በቡጢ ብቻ አልነበረም

በዚህ እትም ይዤላችሁ የመጣሁት ብሩስ ሊን ነው። በእረፍት ሰዓት ሜዳ ላይ እየጮኸ እግሩን የሚያነሳ ልጅ ሁሉ እሱን ስለሚያስመስል ማስተዋወቅ አያስፈልገኝም። ግን ብዙዎቻችን የምናውቀው ቡጢውን ነው፤ ተዋናይነቱንና ዳይሬክተርነቱን ረስተነዋል። (ዓመቶቹ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።)

ብሩስ ሊ በ1940 አሜሪካ፣ ሳን ፍራንሲስኮ ተወለደ። አባቱ የቻይና ኦፔራ ተዋናይ ነበር፤ እዚያ የሄደውም ለሥራ ነው። ልጁ ያደገው ግን ሆንግ ኮንግ ነው። ገና ጡት ሳይጥል ፊልም ላይ ታይቷል፤ 18 ዓመት እስኪሞላው ወደ 20 ፊልም ሠርቷል። ኩንግ ፉ ከኢፕ ማን ተማረ። በ1958 ደግሞ ሆንግ ኮንግ ውስጥ በቻ ቻ ዳንስ ውድድር አንደኛ ወጣ። ዳንስ! እግሩ ለምን እንደዚያ ቀላል እንደሆነ የገባኝ ይሄን ሳነብ ነው።

በ1959 ወደ አሜሪካ ሄደ። ምግብ ቤት እየሠራ ተማረ፣ ኩንግ ፉም አስተማረ። በ1966 ግሪን ሆርኔት በሚባል የቴሌቪዥን ድራማ ላይ ኬቶ የሚባለውን ሾፌር ሆኖ ሠራ። በጣም ስለሚፈጥን ካሜራው እንዲይዘው ቀስ በል ይሉት ነበር አሉ። ከዚያ በኋላ ግን ዋና ተዋናይ የሚያደርገው አጣ። ቻይናዊ መልክ ያለው ሰው አያዋጣም ተባለ። በ1970 ደግሞ ክብደት ሲያነሳ ወገቡን ተጎዳ፤ ሁለተኛ በእግርህ አትማታም አሉት። ተኝቶ ስለ ውጊያ ጥበብ ማስታወሻ ሲጽፍ ከረመ።

ሲሻለው ፊልም ለመሥራት ወደ ሆንግ ኮንግ ተመለሰ። በ1971 የወጣው ዘ ቢግ ቦስ እዚያ ከዚያ በፊት ታይቶ የማይታወቅ ገቢ አስገባ። በዓመቱ ፊስት ኦፍ ፊዩሪ ተከተለ። በዚያው በ1972 አሜሪካ ውስጥ ኩንግ ፉ የሚባል ድራማ ሲጀመር፣ የግማሽ ቻይናዊውን ሰው ቦታ የያዘው ነጩ ዴቪድ ካራዲን ነው። ይሄ በጣም ያናድዳል።

የኔ ምርጥ ዌይ ኦፍ ዘ ድራገን ነው። ድርሰቱንም ዝግጅቱንም ራሱ ሠርቶታል፤ ዋናው ተዋናይም እሱ ነው። ሮም የገባ የገጠር ሰው ሆኖ ይሠራል። ምግብ ቤት ገብቶ ቋንቋ ስለማይችል ሜኑው ላይ ዝም ብሎ ይጠቁማል፤ የሚመጣለት ሾርባ፣ ሾርባ፣ አሁንም ሾርባ! ሌላ ቢሆን ጀግና መስሎ ብቻ ይታይ ነበር። መጨረሻ ላይ ኮሎሲየም ውስጥ ከቸክ ኖሪስ ጋር ይጋጠማል። (አብዛኛው ድብድብ የተቀረጸው ሆንግ ኮንግ ስቱዲዮ ውስጥ ነው፣ ግን አያስታውቅም።) ቸክ ኖሪስ የእውነት የካራቴ ሻምፒዮን ነበር። መጀመሪያ የሚደበደበው ብሩስ ሊ ነው። ማሸነፍ የሚጀምረው እንደ ዳንሰኛ እየዘለለ አካሄዱን ሲቀይር ነው። ሲያሸንፍም አይጨፍርም፤ የሞተውን ሰውዬ በራሱ ልብስና ቀበቶ ይሸፍነዋል። እኔ ከድብድቡ ይልቅ እሱ ነው የማይረሳኝ።

በመጨረሻ ሆሊውድ ራሱ ፈለገው። እንተር ዘ ድራገን ላይ ዋና ተዋናይ ሆነ። ፊልሙ ሲኒማ ቤት ሳይገባ ግን ጁላይ 20 ቀን 1973 ሆንግ ኮንግ ውስጥ አንጎሉ አብጦ ሞተ። 32 ዓመቱ ነበር። የተቀበረው ሲያትል ነው።

ጀምሮት የነበረውን ጌም ኦፍ ዴዝ ሌሎች በ1978 ጨረሱት። በብዙ ቦታ የሚሠራው እሱን የሚመስል ሰው ስለሆነ እኔ አልወደድኩትም። ከረጅሙ የቅርጫት ኳስ ተጫዋች ከከሪም አብዱልጀባር ጋር የሚጋጠምበትን ክፍል ግን እዩት፤ እሱን ራሱ ብሩስ ሊ ነው ያዘጋጀው።