አይዛክ ኒውተን፡ ከወንጭፍ ድንጋይ እስከ ጨረቃ

በፕራክቲከም ሰሞን ሀብሩ ወረዳ ውስጥ በአንድ ትምህርት ቤት ለሰባተኛ ክፍል ተማሪዎች ስለ መሬት ስበት እንዳስተምር ተመድቤ ነበር። ይዤው በገባሁት የልጆች መጽሐፍ ላይ ዛፍ ሥር የተቀመጠ ጸጉራም ፈረንጅ ተስሏል፤ ፖም ከላይ ወርዶ አናቱን ሊመታው ሲል ይታያል። ልጆቹ ሳቁ። አንዱ ፖም ምን እንደሆነ ጠየቀኝ፤ እኔም መርሳ ላይ በየመንገዱ ዳር እንደምታዩት ማንጎ ያለ ፍሬ ነው ብዬ አለፍኩት። ከኋላ የተቀመጠች ልጅ ግን እጇን አውጥታ ማንጎው የሚወድቅ ከሆነ ጨረቃ ለምን እንደማትወድቅ ጠየቀችኝ። ደግነቱ ደወል ተደወለና ተገላገልኩ። በኋላ የሰውየውን ታሪክ ሳነብ ግን ጥያቄዋ የራሱ የኒውተን ጥያቄ ሆኖ አገኘሁት። ይህ ጽሑፍም ያንን ጥያቄ ይዞ ሕይወቱን ለመከተል ይሞክራል።

ኒውተን የተወለደው በእንግሊዝ አገር በሊንከንሻየር፣ ዉልስቶርፕ በምትባል ትንሽ የገበሬ መንደር ነው። እንግሊዞች በዚያን ጊዜ ይከተሉት በነበረው በጁልያን ካሌንደር ቀኑ ዲሴምበር 25 ቀን 1642፣ ማለትም የገና ዕለት ነበር። ዛሬ በሚሠራበት አቆጣጠር ጃንዋሪ 4 ቀን 1643 ይሆናል፤ መጻሕፍት ሁለት የተለያየ ቀን የሚጽፉትም ለዚህ ነው። የእኛ ገና ከጁልያኑ ጋር አብሮ ስለሚሄድ፣ ልደቱ ወደ እኛ ሲመለስ ታኅሣሥ 29 ቀን 1635 ዓ.ም. ላይ ይውላል። በእኛ አገር አፄ ፋሲል ጎንደርን መናገሻ ካደረጉ ጥቂት ዓመታት በኋላ መሆኑ ነው።

አባቱም አይዛክ የሚባል፣ ስሙን እንኳ መፈረም የማይችል ገበሬ ነበር፤ ልጁ ሊወለድ ሦስት ወር ያህል ሲቀረው ሞተ። ሕፃኑ ያለ ጊዜው የተወለደና በጣም ትንሽ ስለነበር በሕይወት ይቆያል ብሎ የጠበቀ አልነበረም። ሦስት ዓመት ሲሞላው እናቱ ሐና በዕድሜ የገፉ ቄስ አግብታ ወደ ባሏ ደብር ሄደች፤ ልጁ አያቱ ዘንድ ቀረ። ይህ ነገር ከሆዱ አልወጣም። በተማሪነቱ ዘመን ኃጢአቱን በዝርዝር ሲጽፍ እናቱንና እንጀራ አባቱን ከነቤታቸው ሊያቃጥላቸው መዛቱን አስፍሯል።

በ12 ዓመቱ ግራንትሃም ከተማ ትምህርት ቤት ገባ፤ የሚኖረውም አንድ መድኃኒት ቀማሚ ቤት ነበር። ከእኩዮቹ ጋር ብዙም አይገጥምም፤ ብቻውን ሲሆን ግን እጁ ሥራ አይፈታም። የንፋስ ወፍጮ በትንሹ ሠራ፣ በውሃ የሚቆጥር ሰዓት ሠራ፣ ግድግዳ ላይ በጥላ የሚነበብ ሰዓት አበጀ። የወረቀት ካይት ላይ ፋኖስ አንጠልጥሎ በማታ እየለቀቀ ጎረቤቱን ሁሉ አስደነገጠ። እ.ኤ.አ. በ1658 ኃይለኛ አውሎ ነፋስ በተነሳበት ቀን ደግሞ አንዴ ከነፋሱ ጋር፣ አንዴ ነፋሱን ተቃርኖ እየዘለለ፣ የዘለለውን ርቀት በመለካት የነፋሱን ጉልበት ለማወቅ መሞከሩ ይነገራል። እኛ አገር ቢሆን ልጁን ምን ነካው ተብሎ ጠበል ይወሰድ ነበር።

እናቱ ሁለተኛ ባሏም ሲሞትባት ወደ ዉልስቶርፕ ተመለሰች፤ ቆይታም ልጇን ከትምህርት ቤት አስወጥታ እርሻና በግ ላይ ልታሰማራው ሞከረች። አልሆነም። እሱ ተቀምጦ ሲያነብ ከብቱ የሰው ማሳ ይገባል፤ በጎቹ ባጠፉት ጥፋት መቀጮ መቀጣቱ በአካባቢው የፍርድ መዝገብ ላይ ሳይቀር ተጽፎ ተገኝቷል። በመጨረሻ አጎቱና መምህሩ ለምነው ወደ ትምህርቱ መለሱት። እ.ኤ.አ. በ1661 ኬምብሪጅ ትሪኒቲ ኮሌጅ ሲገባ ገንዘብ ያላቸውን እያገለገለ የሚማር ተማሪ ሆኖ ነው። እናቱ ድሃ አልነበረችም፤ ለትምህርት ገንዘብ ማውጣት ግን አልወደደችም።

እ.ኤ.አ. በ1665 ወረርሽኝ ገብቶ ዩኒቨርሲቲው ሲዘጋ ኒውተን ወደ መንደሩ ተመለሰ። ፖሙም የሚመጣው እዚህ ላይ ነው። ታሪኩን የነገረን እሱ ራሱ ነው፤ በ1726 ሸምግሎ ለወዳጁ ለዊልያም ስቱክሊ አጫወተው። አናቱን መታው የሚል ነገር ግን የለበትም፤ ያ በኋላ የተጨመረ ነው። መጨመሩ ባልከፋ፣ ግን ዋናውን ነገር ያስረሳል። ፍሬ ወደ ታች እንደሚወድቅማ እረኛ ሁሉ ያውቃል። የኒውተን ጥያቄ ፖሙን የሚጎትተው ነገር ወደ ላይ እስከ የት ይደርሳል የሚል ነበር። ከተራራ ጫፍም ላይ ይሠራል፤ ታዲያ ለምን ጨረቃ ድረስ አይዘልቅም?

ለልጅቷ መመለስ የነበረብኝ መልስ ጨረቃም ትወድቃለች የሚል ነበር። ይህን ለማስረዳት ከፖም ይልቅ ወንጭፍ ይሻላል። ኒውተንም በታላቁ መጽሐፉ መጀመሪያ ላይ ወደ መካከል የሚጎትት ኃይልን ሲተረጉም ምሳሌ ያደረገው በወንጭፍ የሚዞር ድንጋይን ነው። ማሽላ ሲደርስ ማማ ላይ ወጥቶ ወፍ የሚጠብቅ የሀብሩ ልጅ ይህን በእጁ ያውቀዋል። ድንጋዩ የሚዞረው ገመዱ ስለያዘው ነው፤ አንዱ ጫፍ ሲለቀቅ መዞሩን ትቶ ወዲያው ሽው ብሎ ይሄዳል። ጨረቃም እንዲሁ ናት። የሚይዛት ባይኖር ቀጥ ብላ ትሄድ ነበር፤ የመሬት ስበት ግን በየቅጽበቱ ከቀጥታ መንገዷ ወደ መሬት ያጎነብሳታል። ማጎንበሷ መውደቅ ነው፤ ወደ ጎን ስለምትሮጥ ግን መሬት ላይ አታርፍም።

ቁጥሩም ቀላል ነው። ጨረቃ ያለችበት ርቀት የመሬት ሬዲየስ 60 እጥፍ ያህል ነው። ስበት በርቀቱ ካሬ መጠን የሚቀንስ ከሆነ ጨረቃ ዘንድ ሲደርስ 60 ጊዜ 60፣ ማለትም 3,600 ጊዜ ይደክማል። እዚህ የተለቀቀ ማንጎ በመጀመሪያዋ ሰከንድ 4.9 ሜትር ያህል ይወርዳል፤ ጨረቃ ያንኑ 4.9 ሜትር ለመውደቅ አንድ ደቂቃ ይፈጅባታል። ይህን ጥቁር ሰሌዳ ላይ ለመሥራት ከማባዛት በላይ ዕውቀት አይጠይቅም።

የልጆች መጻሕፍት ፖሙ በወደቀበት ዕለት ሁሉ ነገር ያለቀ አስመስለው ያቀርባሉ። እውነቱ ግን ኒውተን ነገሩን ጀምሮ ወደ 20 ዓመት ገደማ ሳይጨርሰው ቆየ። በመካከሉ በ1669፣ ገና በ26 ዓመቱ፣ የሒሳብ ፕሮፌሰር ሆነ፤ ብርሃንን በፕሪዝም ከፋፈለ፤ በመስታወት የሚሠራ ቴሌስኮፕ በገዛ እጁ ሠራ። መምህር ሆኖ ግን አልተዋጣለትም። ትምህርቱን የሚከታተለው ስለሌለ አንዳንዴ ለባዶ ክፍል ያስተምር እንደነበር ረዳቱ መስክሯል። (ለእኛ ለወደፊት መምህራን ትንሽ ያጽናናል።) የፕላኔቶችን ዙረት ቀጥታ ከሚሄድ እንቅስቃሴና ወደ መካከል ከሚጎትት ኃይል የተሠራ አድርጎ እንዲያየው በ1679 በደብዳቤ የገፋፋው ደግሞ ሮበርት ሁክ ነው። ኒውተን ለሁክ ይህን ውለታ በአግባቡ አልቆጠረለትም፤ ሁለቱ እስከ መጨረሻው እንደተኮራረፉ ቀሩ።

እ.ኤ.አ. በ1684 ኤድመንድ ሃሌይ የተባለው የሥነ ፈለክ ሊቅ ኬምብሪጅ ድረስ መጥቶ፣ ስበት በርቀት ካሬ የሚቀንስ ቢሆን ፕላኔቶች በምን ዓይነት መስመር እንደሚዞሩ ጠየቀው። ኒውተን በኤሊፕስ እንደሆነና ቀድሞ አስልቶት እንደነበር ነገረው፤ ወረቀቱን ቢፈልግ ግን አጣው። እንደገና ሠርቶ ላከለት፤ ሃሌይም እየወተወተ አስጻፈው። ፕሪንኪፒያ በአጭሩ የሚባለው መጽሐፍ በላቲን ቋንቋ በ1687 ታተመ። የሮያል ሶሳይቲ ገንዘቡን ስለ ዓሣዎች ታሪክ በሚናገር፣ ገዢ ባጣ መጽሐፍ ላይ ጨርሶ ስለነበር የማሳተሚያውን ወጪ የከፈለው ሃሌይ ነው። ይባስ ብሎ ሶሳይቲው ለሃሌይ ደመወዝ የከፈለው በእነዚያው ባልተሸጡ የዓሣ መጻሕፍት ነበር።

ከመጽሐፉ ውስጥ እኔን ያስገረመኝ ስለ ባሕር ሙላትና ጉድለት የጻፈው ነው። ኒውተን ዕድሜውን ያሳለፈው በሊንከንሻየር፣ በኬምብሪጅና በለንደን ነው፤ ከእንግሊዝ አልወጣም፤ ባሕር ዳር ሄዶ ነበር የሚል መዝገብም አልተገኘም። ስለ ባሕሩ ያወቀው ሌሎች ለክተው ከጻፉት ነው። ሳሙኤል ስተርሚ የተባለ መርከበኛ ከብሪስቶል በታች በሙሉና በአዲስ ጨረቃ ውሃው 45 ጫማ ያህል፣ በግማሽ ጨረቃ ጊዜ ግን 25 ጫማ ያህል ብቻ እንደሚነሳ መዝግቦ ነበር። ከሩቅ ምሥራቅ፣ ከዛሬዋ ቬትናም የባሕር ዳርቻ፣ ደግሞ ባሕሩ በቀን አንድ ጊዜ ብቻ የሚሞላበት ወደብ መኖሩ በሃሌይ በኩል ደረሰው።

እኛም ወልድያና መርሳ ላይ ሆነን ባሕርን የምናውቀው ጅቡቲ ደርሶ የተመለሰ ሾፌር ሲያወራ ነው። ልጆች ባሕር ይሞላል ይጎድላል ሲባሉ የክረምት ጎርፍ ወይም በነፋስ የሚነሳ ማዕበል ይመስላቸዋል፤ እኔም ብዙ ጊዜ እንደዚያ ይመስለኝ ነበር። ነገሩ ሌላ ነው። ጨረቃ በእሷ አቅጣጫ ያለውን ውሃ ከመሬት መካከል የበለጠ ትስበዋለች፤ የመሬትን መካከል ደግሞ ከወዲያ ማዶ ካለው ውሃ የበለጠ ትስባለች። ስለዚህ ውሃው በጨረቃ በኩልም፣ በተቃራኒው በኩልም ያብጣል። መሬት ስትሽከረከር አንድ ወደብ በሁለቱም እብጠት ሥር ስለሚያልፍ በአብዛኛው ቦታ ባሕሩ በቀን ሁለት ጊዜ ይሞላል፤ ከሙላት እስከ ሙላት 12 ሰዓት ከ25 ደቂቃ ያህል ነው። ፀሐይም ትስባለች፤ ጨረቃ አዲስ ወይም ሙሉ ስትሆን ሁለቱ ይተባበራሉ፣ በግማሽ ጨረቃ ይቃረናሉ። የስተርሚ 45 እና 25 ጫማ የመጣው ከዚህ ነው። ጨረቃ የሐይቅንም ውሃ ትስባለች፤ ነገር ግን ወሳኙ ከዳር እስከ ዳር ያለው የስበት ልዩነት ስለሆነና ሐይቁ ለዚያ በጣም ትንሽ ስለሆነ፣ እዚያ ቆሞ የሚያይ ሰው ከነፋስ ሞገድ በስተቀር ምንም አያይም።

ጋሊልዮን የሚያህል ሰው የባሕር ሙላት ከጨረቃ ይመጣል የሚለውን ሐሳብ ንቆ የመሬት መንቀሳቀስ ነው ብሎ ተሳስቷል። ኒውተንም ቢሆን በሁሉ አልቀናውም። ከብሪስቶሉ ልኬት ተነስቶ ጨረቃ ባሕርን የምታነሳበት ኃይል የፀሐይን አራት ጊዜ ተኩል ያህል እንደሚሆን ገመተ፤ ትክክለኛው ከሁለት እጥፍ ትንሽ የሚበልጥ ነው። የወንዝ አፍ ውሃውን አጥብቦ ከፍ ስለሚያደርግ ለእንዲህ ያለ ስሌት አይመችም።

ከዚያ በኋላ ያለውን በአጭሩ ልለፈው። በ1693 አእምሮው ታውኮ ጥቂት ጊዜ ታመመ፤ በ1696 ወደ ለንደን ሄዶ የመንግሥት ገንዘብ ማተሚያ ኃላፊ ሆነ፣ ሐሰተኛ ገንዘብ ሠሪዎችንም ያለ ርኅራኄ አሳደደ። በ1703 የሮያል ሶሳይቲ ፕሬዚዳንት ሆነ፤ ከላይብኒትዝ ጋር ካልኩለስን ማን ቀደመ በሚል ሲጣላም ያንን ሥልጣን ለራሱ ተጠቀመበት። አላገባም፣ አልወለደም። ማርች 20 ቀን 1727 በ84 ዓመቱ ሞተ።

ፕሪንኪፒያን ሆን ብሎ እንዳከበደው፣ ምክንያቱም ሒሳብ በጥቂቱ የቀመሱ ሰዎች እንዳይነዘንዙት መሆኑን ለወዳጁ ተናግሯል። ሌሎች ግን አቀለሉት። ቮልቴር በ1738 ለተራ አንባቢ በፈረንሳይኛ ጻፈው። በ1761 ደግሞ ጆን ኒውበሪ የተባለ የለንደን አሳታሚ የኒውተንን ትምህርት ለልጆች በሚሆን መልክ አወጣ፤ ደራሲው ቶም ቴሌስኮፕ በሚል የብዕር ስም የተጠራ ሲሆን ማን እንደሆነ እስከ ዛሬ ያከራክራል። እንቅስቃሴን የሚያስረዳው በሚሽከረከር መጫወቻና በኳስ ነው። የኒውተን ራሱም ፕሪንኪፒያ ስለ መጀመሪያው ሕግ ሲናገር የሚሽከረከር መጫወቻ ይጠቅሳል። እኛ ጋ እናቶች የሚያሾሩት እንዝርት ለዚህ ይበቃል፤ እኔም በሁለተኛው ሳምንት ክፍል ይዤ የገባሁት እንዝርትና ወንጭፍ ነበር።

ኒውተን የተቀበረው ለንደን ዌስትሚንስተር አቤይ ውስጥ ነው። በ1731 የቆመው ሐውልት ሥር ባለው የድንጋይ ቅርጽ ላይ የተቀረጹት ሽማግሌ ሊቃውንት አይደሉም፤ ትንንሽ ልጆች ናቸው። አንዱ ፕሪዝም ይዟል፣ ሌላው በቴሌስኮፕ ያያል፣ አንዱ ደግሞ ፀሐይንና ፕላኔቶችን በሚዛን አንጠልጥሎ ይመዝናል።