ሰባት ጎል የገባበት በረኛ

እኔ የክፍላችን በረኛ ነኝ። ዘንድሮ በአንድ ግጥሚያ አምስት ጎል ስለ ገባብኝ ከእንግዲህ በር ላይ አልቆምም ብዬ ምዬ ነበር። ሐሳቤን ያስለወጠኝ የሪካርዶ ዛሞራ ታሪክ ነው።

ዛሞራ በአውሮፓ አቆጣጠር በ1901 ዓ.ም. በእስፓኝ አገር በባርሴሎና ከተማ ተወለደ። በ1920 በአንትወርፕ ኦሎምፒክ አገሩ የብር ሜዳይ ስታገኝ በረኛዋ እርሱ ነበር። በ1931 ግን እንግሊዝ ለንደን ላይ 7 ለ 1 አሸነፈቻቸው። ያ ስመ ጥር ሰው ሰባት ጊዜ ጎንበስ ብሎ ኳስ ከመረብ አወጣ። ሆኖም ተስፋ አልቆረጠም፤ በ1932 እና በ1933 ከሬያል ማድሪድ ጋር የሊግ ሻምፒዮን ሆነ። በ1936 በቫሌንሲያ በተደረገው የዋንጫ ፍጻሜ ማድሪድ ባርሴሎናን 2 ለ 1 ሲመራ፥ ሊያበቃ ጥቂት ደቂቃ ሲቀረው የመጣችውን ኳስ ተወርውሮ አዳነ።

በማግሥቱ ወር የእርስ በርስ ጦርነት ተነሣ። ዛሞራ ታሰረ፤ ሞተም ተብሎ ተወራ። ከእስር ወጥቶ ወደ ፈረንሳይ ተሰደደ። ከጦርነቱ በኋላ አሠልጣኝ ሆነና፥ ዛሬ አትሌቲኮ ማድሪድ የሚባለውን ክለብ በ1940 እና በ1941 ለሻምፒዮንነት አበቃው። በ1978 ዐረፈ።

በእስፓኝ ሊግ በጨዋታ በአማካይ ከሁሉ ያነሰ ጎል ለገባበት በረኛ የሚሰጠው ሽልማት፥ ሰባት በገባበት በዚህ ሰው ስም ተሰይሟል። ስለዚህ ጓደኞቼ ሆይ፥ እኔም ለሚመጣው ግጥሚያ ከበሩ አልጠፋም።