ዘውድና ምክር፦ የንግሥተ ነገሥታት ዘውዲቱ የሥልጣን ወሰን (1909–1922 ዓ.ም.)

ንግሥተ ነገሥታት ዘውዲቱ በብዙ የታሪክ ጽሑፎች የሚታወሱት የራስ ተፈሪን ለውጦች የተጠራጠሩ፣ በጾምና በጸሎት የተወሰኑ ንግሥት ሆነው ነው። ይህ አጭር ጽሑፍ ጥያቄውን ከጠባያቸው ወደ ሥልጣናቸው ያዞራል። የዘውዲቱ ሥልጣን የተወሰነው በጽሑፍ ሕግ ሳይሆን በመኳንንትና በቤተ ክርስቲያን ስምምነት ነበር፤ የስምምነቱ ጠባቂዎች ሲያልፉም ወሰኑ አብሮ ፈረሰ።

ዘውዲቱ ሚያዝያ 22 ቀን 1868 ዓ.ም. በሰሜን ሸዋ እነዋሪ ተወለዱ። አባታቸው በወቅቱ የሸዋ ንጉሥ የነበሩት ምኒልክ፣ እናታቸው ወይዘሮ አብቺ ናቸው። የሸዋ ነገሥታት የሥርወ መንግሥታቸውን መነሻ የሚቆጥሩት በ17ኛው መቶ ዓመት ማብቂያ ከመንዝ ከተነሣው ከነጋሢ ክርስቶስ ነው። ዘውዲቱን ኋላ ለዙፋን ያበቃቸውም ይኸው የዘር ሐረግ ነበር። ገና በልጅነታቸው የዐፄ ዮሐንስ 4ኛ ልጅ ለሆኑት ለራስ አርአያ ሥላሴ ተዳሩ፤ ባላቸው በ1880 ዓ.ም. ሲሞቱ ወደ ሸዋ ተመለሱ። በመጨረሻም የእቴጌ ጣይቱን የወንድም ልጅ ራስ ጉግሣ ወሌን አገቡ።

ዐፄ ምኒልክ በ1900 ዓ.ም. የመጀመሪያዎቹን ሚኒስትሮች ሲሾሙ ምክር መደበኛ መልክ ያዘ። ይሁን እንጂ ምክር ንጉሥን እስከ መሻር መድረሱ የታየው መስከረም 17 ቀን 1909 ዓ.ም. ነው። በዚያ ዕለት መኳንንቱ ልጅ ኢያሱን ሻሩ፤ አቡነ ማቴዎስም ሕዝቡን ከመሐላው ፈቱ። ዘውዱ ለዘውዲቱ፣ አልጋ ወራሽነትና እንደራሴነት ለራስ ተፈሪ መኰንን ተሰጠ። የጦር ሚኒስትሩ ፊታውራሪ ሀብተ ጊዮርጊስ ዲነግዴ ደግሞ በሁለቱ መካከል ሚዛን ሆነው ቆሙ። ውሳኔው ጥቅምት 17 ቀን በሰገሌ ጦርነት በደም ጸና፤ የንግሥናው ሥርዓትም የካቲት 4 ቀን ተፈጸመ። ራስ ጉግሣ ከቤተ መንግሥት እንዲርቁ ስለ ተደረገ፣ ምክሩ ከንግሥቲቱ ሥልጣን አልፎ ትዳራቸውንም ወሰነ።

ከዚያ በኋላ ዐዋጅ በንግሥቲቱ ስም ይወጣ ነበር፤ የውጭ ግንኙነቱና የዕለት ተዕለት አስተዳደሩ ግን በአመዛኙ በእንደራሴው እጅ ነበር። በእንግሊዝ ንጉሡ በሚኒስትሮች ምክር ሲሠራ፣ ለምክሩ በፓርላማ ፊት ተጠያቂ የሚሆኑት ሚኒስትሮቹ ናቸው። በአዲስ አበባ ግን መካሪው የሚጠየቅበት ሸንጎ አልነበረም። የመካሪዎቹም ቦታ ቢሆን ዋስትና አልነበረውም፤ በ1910 ዓ.ም. የመሀል ሰፋሪ ወታደሮች ባነሡት ጥያቄ ከሀብተ ጊዮርጊስ በቀር ሚኒስትሮቹ ተሻሩ።

በ1919 ዓ.ም. አቡነ ማቴዎስና ፊታውራሪ ሀብተ ጊዮርጊስ በቀናት ልዩነት ዐረፉ። የ1909ኙ ስምምነት ሁለት ምሰሶዎቹን በአንድ ጊዜ አጣ። ለንግሥቲቱ ወግነው በዐፄ ምኒልክ መቃብር ግቢ ያመፁት ደጃዝማች አባ ውቃው ብሩ እጃቸውን ሰጡ። መስከረም 27 ቀን 1921 ዓ.ም. ዘውዲቱ ራስ ተፈሪን ንጉሥ አሰኝተው ዘውድ ጫኑላቸው። መጋቢት 22 ቀን 1922 ዓ.ም. ራስ ጉግሣ አንቺም ላይ ከመንግሥት ጦር ጋር ሲዋጉ ወደቁ፤ ዘውዲቱም ከሁለት ቀን በኋላ ዐረፉ።

የመጀመሪያው የጽሑፍ ሕገ መንግሥት የወጣው በቀጣዩ ዓመት፣ ሐምሌ 9 ቀን 1923 ዓ.ም. ነው። ሕገ መንግሥቱ ሁለት ምክር ቤቶችን ቢያቋቁምም የበላዩን ሥልጣን ለንጉሠ ነገሥቱ አጸና፤ የሕግ መወሰኛ ምክር ቤት አባላትን የሚሾሙትም እሳቸው ነበሩ። በዘውዲቱ ዘመን ሳይጻፍ ዘውዱን ያሰረው ምክር፣ በተጻፈ ጊዜ የማሰር ኃይሉን አጣ። የዘውዲቱ ዘመነ መንግሥት ለሕገ መንግሥት ታሪክ ያለው ዋጋም እዚህ ላይ ነው፦ ንግሥናና አስተዳደር በኢትዮጵያ ተለያይተው ያውቃሉ፤ ልዩነቱን የሚጠብቅ ሕግ ግን አልተተከለም።