ኤሚል ደ አንቶኒዮና ዶሴው

ዘጋቢ ፊልም ሲባል ብዙዎቻችን ትዝ የሚለን የተራኪው ድምፅ ነው። አሜሪካዊው ኤሚል ደ አንቶኒዮ ግን ይህን ድምፅ ከፊልሙ አውጥቶ የጣለ ሰው ነው። የሕይወት ታሪኩን ባጭሩ እንቃኘው። (ዓመታቱ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ደ አንቶኒዮ በ1919 በፔንሲልቫንያ ግዛት፣ በስክራንተን ከተማ ተወለደ። ሃርቫርድ የገባው ኋላ ፕሬዚዳንት ከሆነው ከጆን ኤፍ ኬኔዲ ጋር በአንድ ዘመን ነበር። ወደ ፊልም ሥራ የመጣው ግን ዘግይቶ ነው፤ የመጀመሪያ ሥራው «ፖይንት ኦፍ ኦርደር» በ1964 ሲወጣ አርባዎቹን አጋምሷል። ፊልሙ የሚያሳየው በ1954 በሴናተር ጆሴፍ ማካርቲና በጦር ሠራዊቱ ውዝግብ ላይ የተካሄደውን፣ በቴሌቪዥን የተላለፈውን የሴኔት ምርመራ ነው። ደ አንቶኒዮ 188 ሰዓት የሚሆነውን ቅጂ ወስዶ ወደ አንድ ሰዓት ተኩል ገደማ አሳጠረው። ተራኪ የለም፤ ማካርቲ በገዛ አንደበቱ ሲወድቅ ተመልካቹ ራሱ ያያል።

በ1968 በቬትናም ጦርነት ላይ የሠራው «ኢን ዘ ይር ኦፍ ዘ ፒግ» ለኦስካር ታጨ። በ1971 ደግሞ ሥልጣን ላይ ያለውን ኒክሰንን በፊልም ተቸ። ነገሩ የከረረው ግን በ1975 ነው። ከሁለት ባልደረቦቹ ጋር ሆኖ፣ መንግሥት የሚያሳድዳቸውን የ«ዌዘር አንደርግራውንድ» አባላት ፊታቸውን ሳያሳይ ቀረጸ። ቅጂውን እንዲያስረክቡ የፍርድ መጥሪያ ደረሳቸው፤ እምቢ አሉ። የሆሊውድ ባለሙያዎችም ከጎናቸው ቆሙ፤ መጥሪያው ተነሣ፣ ፊልሙም በ1976 ታየ።

ለካስ ኤፍ ቢ አይ ለዓመታት ሲከታተለው ኖሯል! ዶሴው በሺዎች የሚቆጠር ገጽ ነበረው። ደ አንቶኒዮ በመረጃ ነጻነት ሕግ አማካይነት እጁ አስገባውና የመጨረሻ ፊልሙን፣ «ሚስተር ሁቨር ኤንድ አይ»ን ሠራበት። በዚያው በ1989፣ በ70 ዓመቱ ኒው ዮርክ ውስጥ አረፈ።

እርግጥ ተራኪ የለም ማለት አቋም የለም ማለት አይደለም። ምስል መምረጥና መቀጠል በራሱ መናገር ነው፤ እሱም ገለልተኛ ነኝ ብሎ አያውቅም። ታዲያ ከሰላዩ በምን ይለያል? መንግሥት ስለ እሱ የመዘገበው በድብቅ፣ መልስ በማይሰጥበት መንገድ ነው። እሱ ግን ስለ መንግሥት የሠራውን ስሙን ጽፎ በአደባባይ አሳየ፤ የተከፋ ሁሉ ሊሞግተው ይችል ነበር። ነገ ካሜራ ለምንይዝ ተማሪዎች ትልቁ ትምህርት ይህ ይመስለኛል።